እናቴን ለጠበቀች አስጎብኚ

እናቴ ለዘመን መለወጫ ከድሬዳዋ ለንደን መጥታ እኛ ጋ ሰነበተች። 78 ዓመቷ ነው። ጉልበቷን ያማታል፣ እንግሊዝኛ አትሰማም። የት እንውሰዳት ብለን ስንማከር የ11 ዓመቷ ልጄ “የሃሪ ፖተር ባቡር!” አለች። ልጅ ናት፣ ለራሷ ነው ያሰበችው። እኔን ግን አያቴ ትዝ አለኝ። የእናቴ አባት ድሬዳዋ የምድር ባቡር መጠገኛ ውስጥ ጡረታ እስኪወጣ የሠራ ሰው ነበር። እናቴ የባቡር ጡሩምባ እየሰማች ነው ያደገችው። እሺ፣ እንሂድ አልኩ።

ይህን የምጽፈው የዚያን ቀን ሾፌራችንም አስጎብኚያችንም የነበረችውን ሴት ለማመስገን ነው። ስሟን እዚህ አልጠቅስም፣ ፈቃዷን አልጠየቅኳትም። ሽማግሌ እናት ወይም አባት ይዞ ወደ ስኮትላንድ መሄድ የሚያስብ ሰው ካለ ግን እሷን ፈልጎ ያግኛት።

መጀመሪያ ባቡሩን ላስተዋውቃችሁ። ጃኮባይት ይባላል። የእንፋሎት ባቡር ነው፣ ከሰል የሚበላ፣ እውነተኛ ጭስ የሚያጨስ። ስኮትላንድ ውስጥ ፎርት ዊሊያም ከምትባል ከተማ ተነስቶ በተራራና በሐይቅ መሃል እየተጠማዘዘ ማሌግ የምትባል ትንሽ የዓሣ አጥማጆች ወደብ ይገባል። 66 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፣ ከሁለት ሰዓት ትንሽ በላይ ይፈጃል። የሃሪ ፖተር ፊልሞች ላይ ተማሪዎቹን ወደ ትምህርት ቤታቸው የሚወስደው ባቡር ሲሄድ የምታዩት በዚህ ሐዲድ ላይ ነው። ፊልሙ ላይ ያለው ቀይ ሎኮሞቲቭ ግን ሌላ ነው። እሱ ለንደን አጠገብ ባለው ስቱዲዮ ለጎብኚ ቆሟል። የኛው ጥቁር ነው። ልጆች ይዛችሁ የምትሄዱ ይህን ቀድማችሁ ንገሯቸው፣ እዚያ ደርሰው ቅር እንዳይላቸው።

ሌላም ማስጠንቀቂያ አለኝ። አምና ከጓደኞቼ ጋር በሌላ አስጎብኚ ድርጅት ሄጄ ነበር። “የሃሪ ፖተር ባቡር ጉብኝት” ብለው ሸጡልን። ለካስ ጉብኝቱ ኮረብታ ላይ ቆሞ ባቡሩ ሲያልፍ ማየት ነው! አስጎብኚው መኪና ማቆሚያ ላይ አውርዶን ስልኩን ሲነካካ ቆየ። ባቡሩ አለፈ፣ ፎቶ አነሳን፣ ተመለስን። ስለዚህ ከመክፈላችሁ በፊት አንድ ጥያቄ ጠይቁ፦ የባቡሩ ቲኬት ዋጋው ውስጥ አለ ወይስ የለም? መሳፈር ነው ወይስ ማየት?

የዘንድሮዋ ሴት ገና ሳንገናኝ ነው የተለየችው። ጉዞው ሮብ ነበር። ማክሰኞ ማታ ኤድንብራ ሆቴላችን ውስጥ እያለን ስልክ ደወለች። ፎርሙ ላይ “እናቴ ጉልበቷን ያማታል” ብዬ በአንድ መስመር ጽፌ ነበር። ያቺን መስመር አንብባታለች። ደረጃ መውጣት ትችላለች ወይ? ስንት ደቂቃ ቆማ መቆየት ትችላለች? ሽንት ቤት በየስንት ሰዓቱ እንቁም? ምን ትበላለች? ነገ ጾም መሆኑን ነገርኳት፤ ሥጋ የለም፣ ወተት የለም፣ ቅቤ የለም፣ እንቁላል የለም። “ዓሣስ?” አለች። እናቴ በጾም ዓሣም አትነካም። “እንግዲያው ቺፕስ የሚጠበስበትን ዘይት አጣራለሁ” አለችኝ። ነገሩ አልገባኝም ነበር። ስኮትላንድ ውስጥ ብዙ ቤት ድንቹን የሚጠብሰው በበሬ ሞራ ነው። ይህን ያህል ዓመት እንግሊዝ አገር ስኖር ጾም ላይ ቺፕስ ስበላ አንድም ቀን ጠይቄ አላውቅም። ጿሚዎች፣ እባካችሁ ጠይቁ።

ጠዋት በእኛ 12 ሰዓት ከሩብ ላይ ሚኒባሱ መጣ። ከበሩ ሥር ትንሽ የእንጨት በርጩማ አስቀመጠች። እናቴ ረግጣው ገባች። ከሾፌሩ ጀርባ ያለውን መቀመጫ ለእሷ ይዛላታለች። ከዚያ ማይኩን አንስታ ለሁሉም ተሳፋሪ እንዲህ አለች፦ “ዛሬ የምንሄደው በሁለት ቋንቋ ነው። እኔ ስናገር ቆም እላለሁ፣ ለእናታችን ይተረጎማል፣ ከዚያ እቀጥላለሁ።” አሥራ ምናምን ሰው ነበርን፣ ማንም ቅር አላለውም። ቀኑን ሙሉ እንዳለችው አደረገች። ሁለት ዓረፍተ ነገር ትናገራለች፣ በመስታወቱ ታየኛለች፣ እተረጉማለሁ፣ እናቴ ራሷን ስትነቀንቅ ትቀጥላለች።

እኔ እናቴን ብዙ ቦታ ወስጃታለሁ። ሙዚየም፣ ቤተ መንግሥት፣ መርከብ ላይ። ሁልጊዜ ሌላው ሰው ሲስቅ “ምን አለ?” ትለኛለች። እኔ ስነግራት ሰውየው ሌላ ነገር ጀምሯል፣ እኔም ያመልጠኛል፣ እሷም “ተይው በቃ” ትላለች። በዚህ ጉዞ “ተይው” የሚለው ቃል ከአፏ አልወጣም።

ግሌንኮ ላይ የሆነውን ልንገራችሁ። ሸለቆው ጥልቅ ነው፣ ተራሮቹ ግራና ቀኝ እንደ ግድግዳ ቆመዋል። አገራችን በአደይ ቢጫ በምትሆንበት ወር፣ እዚህ ሄዘር የሚባል ቁጥቋጦ ተዳፋቱን ሐምራዊ ያደርገዋል። ልጄ የምትፈልገው የሃሪ ፖተር ወዳጅ የሆነው የግዙፉ ሃግሪድ ጎጆ የነበረበትን ቦታ ነበር። ሦስተኛው ፊልም ላይ ያለው ጎጆ የተሠራው እዚህ ነው፣ ቀረጻው ሲያልቅ አፍርሰውታል። አስጎብኚያችን ቦታውን አሳየቻትና ከዚያ ወደ እናቴ ዞራ የሸለቆውን ታሪክ ጀመረች። በ1692 (ዓመቶቹን በፈረንጅ ነው የምጽፈው) የመንግሥት ወታደሮች በማክዶናልድ ጎሳ ቤት እንግዳ ሆነው ገቡ። ሁለት ሳምንት ሊሞላቸው ሲል፣ የካቲት 13 ሊነጋጋ ሲል፣ ተነስተው ያስተናገዷቸውን ሰዎች ገደሉ። 38 ያህል ሰው ሞተ። ቀሪው በበረዶ ወደ ተራራ ሸሸ።

ተረጎምኩላት። እናቴ ዝም አለች። ከዚያ “የበሉበትን ወጪት ሰባሪዎች” አለች። አስጎብኚዋ ምን እንዳለች ጠየቀችኝ። ወጪት ምን እንደሆነ፣ አብሮ መብላት እኛ ዘንድ ምን ማለት እንደሆነ አስረዳኋት። ማይኩን ይዛ የእናቴን ንግግር ለመኪናው ሁሉ ተናገረች። “ይህን ታሪክ ስናገር ስንት ዓመቴ ነው፤ እንዲህ አሳጥሮ የነገረኝ ሰው የለም” አለች። እናቴ ፊቷ በራ።

ፎርት ዊሊያም ጣቢያ ስንደርስ ባቡሩ ቆሞ እያፏጨ ነው። ሰው ሁሉ ሎኮሞቲቩ ፊት ፎቶ ለመነሳት ይጋፋል። ለካ ሴትዮዋ ሆን ብላ ቀደም አድርጋ አድርሳናለች። ሻንጣ ሳታስወርደን፣ ወረፋው ሳይበዛ፣ እናቴን በክንዷ ደግፋ እስከ ሎኮሞቲቩ ድረስ ወሰደቻት። ከሰል የሚያቃጥለውን ሠራተኛ ጠርታ “የእኚህ እናት አባት አፍሪካ ውስጥ የባቡር ሠራተኛ ነበሩ” አለችው። ይህን ማክሰኞ ማታ በስልክ እግረ መንገዴን ነግሬያት ነበር። ሰውየው ጓንቱን አውልቆ እናቴን ጨበጣት። እጁ ጥቁር ነው። ሙቀቱ እኛ እስከቆምንበት ይደርሳል። ጭሱ ዞሮ ሲመጣብን እናቴ ነጠላዋን አፍንጫዋ ላይ አደረገች። ከዚያ መልሳ አነሳችው።

“አባባ ሸተተኝ” አለች።

ያን ጊዜ የሚተረጎም ነገር አልነበረኝም። አስጎብኚያችንም አልጠየቀችኝም። አጠገባችን ዝም ብላ ቆመች፣ ሰዓቷን አላየችም፣ ሰው ሲጠራት “አንድ ደቂቃ” ብላ በእጇ መለሰች። ለዚህች ደቂቃ ነው በዋናነት የማመሰግናት።

ከዚያ እኛን አሳፍራ እሷ ባዶውን ሚኒባስ በመንገድ ይዛ ማሌግ ላይ ልትጠብቀን ሄደች። ከመሄዷ በፊት ለልጄ በእጇ የሣለችውን ወረቀት ሰጠቻት። የትኛው ቦታ ላይ በየት በኩል እንደምናይ በሥዕል ነው። ወደ ማሌግ ስትሄዱ በግራ በኩል ተቀመጡ፤ ግሌንፊናን ድልድይ ላይ ባቡሩ ሲጠማዘዝ የራሳችሁን ሎኮሞቲቭ ከፊት ታዩታላችሁ። ድልድዩ 21 ቅስቶች አሉት፣ ርዝመቱ 380 ሜትር፣ ከፍታው 30 ሜትር ገደማ። ብረት የሌለበት ኮንክሪት ነው። ሁለተኛው ፊልም ላይ መኪናዋ በአየር የምትበረው፣ ሦስተኛው ላይ ባቡሩ በጨለማ የሚቆመው እዚህ ላይ ነው። ልጄ መስኮቱ ላይ ተለጥፋ ጮኸች። ከታች ሎክ ሺል የሚባለው ሐይቅ ይታያል። ሐይቁ ዳር በ1815 የተሠራ ግንብ አለ። ልዑል ቻርልስ ኤድዋርድ ስቱዋርት የብሪታንያን ዙፋን ለቤተሰቡ ለማስመለስ ሲነሳ በ1745 ሰንደቁን የተከለው እዚያ ነው፣ የባቡሩም ስም የመጣው ጃኮባይት ከሚባሉት ደጋፊዎቹ ነው። እናቴ ግን ድልድዩንም ሐይቁንም ከማየት ይልቅ ድምፁን ነበር የምታዳምጠው። ሐዲዱ ሲንኳኳ በጣቷ ጉልበቷን ትመታለች።

ባቡሩ ግሌንፊናን ጣቢያ ላይ ትንሽ ሲቆም የመስመሩን ታሪክ የሚናገር ሰሌዳ አነበብኩላት። ከግላስጎ ፎርት ዊሊያም የሚገባው ሐዲድ የተከፈተው በ1894 ነው። አፄ ምኒልክም የኛን ባቡር ፈቃድ የሰጡት በዚያው ዓመት ነው። በ1897 እዚህ ወደ ማሌግ መቆፈር ሲጀምሩ፣ ከጅቡቲም መዘርጋት ተጀመረ። ማሌግ በ1901 ተደረሰ፣ የኛው ድሬዳዋ በ1902 ገባ። አዲስ አበባ ለገሃር ለመድረስ ግን እስከ 1917 ቆየ። ማሌግ ወርደን ይህን ለአስጎብኚዋ ስነግራት የመኪናውን ማስታወሻ ደብተር አውጥታ ጻፈችው። የድሬዳዋን ስም እንዴት እንደምትጠራው ሁለቴ ጠየቀችኝ።

ማሌግ ላይ አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ነበረን። እሷ ቀድማ ደርሳ ሱቆቹን ዞራለች። ድንቹን በአትክልት ዘይት፣ ዓሣ ካልገባበት መጥበሻ የሚያወጣላት ቤት አግኝታለች። እናቴ ከባሕሩ ፊት ለፊት ቁጭ ብላ ትኩስ ድንቿን በላች። ልጄ ደግሞ ዓሣዋን። ወፎቹ ግን አደገኛ ናቸው፣ ከእጅ ይነጥቃሉ፣ ልጆች ላይ ዓይናችሁ ይኑር።

ስንመለስ ሎክ ናን ኡዋ የሚባል የባሕር ሰርጥ አጠገብ ቆምን። እዚያ ያለው የባቡር ድልድይ ሲሠራ ፈረስ ከሚጎትተው ጋሪ ጋር ባዶው ምሰሶ ውስጥ ወድቆ ቀርቷል። ሰዉ ለብዙ ዘመን ግሌንፊናን ነው የወደቀው ይል ነበር። በ2001 ምሰሶውን በመሣሪያ ፈትሸው እዚህ አገኙት፣ እስካሁን ኮንክሪቱ ውስጥ ነው። እናቴ ለፈረሱ በጣም አዘነች። ኤድንብራ እስክንደርስ ሁለቴ አነሳችው።

ጉዞው ቀላል አይደለም፣ እውነቱን ልንገራችሁ። ከ12 ሰዓት በላይ መንገድ ነው፣ አብዛኛው መኪና ውስጥ። የባቡሩ መተላለፊያና ሽንት ቤት ጠባብ ነው። ዋጋውም ከባድ ነው፤ እኔ አጠራቅሜ ነው የከፈልኩት። ባቡሩ የሚሠራው ከፈረንጆቹ ጸደይ (ኤፕሪል አካባቢ) እስከ ኦክቶበር መጨረሻ አካባቢ ስለሆነ ወራት ቀድማችሁ ቡክ አድርጉ። በፈረንጆቹ በጋም ቢሆን ጃኬት ያዙ። ሚጅ የምትባል ጥቃቅን ተናካሽ አለች፣ የሚቀባ መድኃኒት ግዙ። የምትጾሙ ደግሞ ቀድማችሁ ተናገሩ፣ አትፈሩ።

ማታ ኤድንብራ ስንደርስ በርጩማዋን እንደገና አወጣች። እናቴ ወርዳ ሳመቻት፣ በጉንጭም በትከሻም፣ እኛ እንደምንሳሳመው። “ዕድሜና ጤና ይስጥሽ፣ ልጆችሽን ያሳድግልሽ፣ የእናትሽን ምርቃት ያድርስልሽ” አለቻት። እዚያው መንገድ ዳር አንድ በአንድ ተረጎምኩ። ሴትዮዋ እያንዳንዱን እስክጨርስ ጠበቀች።

እናቴ ባለፈው ሳምንት ድሬዳዋ ገብታለች። ልጄ በእጅ የተሣለውን ወረቀት ሰጥታት መዝሙረ ዳዊቷ ውስጥ አድርጋ ወስዳዋለች። ከዚራ ሰፈር ያሉ ጎረቤቶቿን ሰብስባ “እዚህ ጋ በግራ፣ እዚህ ጋ በቀኝ” እያለች እንደምታሳያቸው እህቴ በስልክ ነግራኛለች። የአስጎብኚዋን አድራሻ የምትፈልጉ ኢንቦክስ ላኩልኝ፣ እሷን ጠይቄ እሰጣችኋለሁ። ስትደውሉላት “የድሬዳዋዋ እናት ሰላም ብለውሻል” በሏት።