ያለቀ ቤት በ20 ዓመት ብድር ወይስ ያላለቀ ቤት በ10 ዓመት? ለደሴና ለኮምቦልቻ ቤት ፈላጊዎች የቀረበ ንጽጽር

ደሴ ወይም ኮምቦልቻ ቤት ለመግዛት ያሰቡ ወዳጆቼ በየጊዜው የሚያነሡብኝ ጥያቄ አንድ ዓይነት ነው፦ «ያለቀ ቤት አግኝቻለሁ፤ ባንኩ በ20 ዓመት የሚከፈል ብድር ይሰጠኛል፤ ወርሃዊ ክፍያውን እችለዋለሁ፤ ልግባበት?» ለእያንዳንዱ በስልክ ከመተንተን አንድ ጊዜ በጽሑፍ ማስቀመጡን መርጫለሁ። የማደላውንም ከመነሻው ልናገር። ደመወዝተኛ ወይም መካከለኛ ነጋዴ ለሆነ ሰው፣ መሠረቱና ጣሪያው ደህና የሆነ ነገር ግን ገና ያላለቀ ቤት በትንሽ ብድርና በ10 ዓመት መግዛት፣ የተቀባባውንና ያለቀውን በትልቅ ብድርና በ20 ዓመት ከመግዛት በብዙ ይሻላል። ወርሃዊ ክፍያን መቻል አንድ ነገር ነው፤ ከሚከፈለው ውስጥ ዕዳውን የሚቀንሰው ስንቱ እንደሆነ ማወቅ ግን ሌላ ነው፤ የቤቱ እውነተኛ ዋጋም የሚታወቀው ከዚህኛው ነው።

ስሌቱን በ1 ሚሊዮን ብር ላሳይ፤ ብድሩ 2 ወይም 3 ሚሊዮን የሆነበት ሰው ማባዛት ብቻ ይበቃዋል። ወለዱን 16 በመቶ አድርጌ ይዣለሁ፤ ባንኩ የሚጠይቀው ከዚህ ከፍ ወይም ዝቅ ቢልም የነገሩ አካሄድ አይለወጥም። በ20 ዓመት የሚከፈለው ብድር በወር 13,913 ብር ይጠይቃል። በ10 ዓመት የሚከፈለው ደግሞ 16,751 ብር ነው። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት በወር ከ2,900 ብር ያነሰ ሲሆን፣ በመጨረሻው ድምር ግን የ20 ዓመቱ ተበዳሪ 3 ሚሊዮን 339 ሺህ ብር፣ የ10 ዓመቱ ተበዳሪ 2 ሚሊዮን 10 ሺህ ብር ከፍለው ይገኛሉ። ለአንድ ዓይነት ቤት፣ ለአንድ ዓይነት 1 ሚሊዮን ብር፣ የ1 ሚሊዮን 329 ሺህ ብር ልዩነት ማለት ነው።

ይህ የሚሆነው ባንኩ ስለሚያጭበረብር አይደለም። ወለድ የሚሰላው በቀሪው ዕዳ ላይ ስለሆነ፣ በመጀመሪያው ወር የ1 ሚሊዮን ብር ወለድ ብቻውን 13,333 ብር ይሆናል። የ20 ዓመቱ ተበዳሪ 13,913 ብር ከፍሎ ሲመለስ ዕዳው የቀነሰለት 580 ብር ብቻ ነው። የ10 ዓመቱ ተበዳሪ ግን በዚያው ወር 3,418 ብር ቀንሶለታል። 5 ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳያሳልፍ የከፈለ የ20 ዓመት ተበዳሪ ወደ 835 ሺህ ብር አውጥቶ፣ ቀሪ ዕዳውን ሲጠይቅ 947 ሺህ ብር ይባላል። 10 ዓመት ሲሞላው ደግሞ ይኸው ሰው 1 ሚሊዮን 670 ሺህ ብር ያህል ከፍሎ ገና 830 ሺህ ብር ይቀርበታል፤ በ10 ዓመት የተበደረው ጎረቤቱ ግን በዚያው ዕለት የቤቱን ካርታ ከባንክ ተረክቦ ይወጣል።

«ብር እየረከሰ ይሄዳል፤ ከ10 ዓመት በኋላ 13 ሺህ ብር ምንም አይደለም» የሚሉ ሰዎች አሉ። በ2016 ዓ.ም. ሐምሌ የምንዛሬው ሥርዓት ከተለወጠ ወዲህ የሆነውን ያየ ሰው ይህን ቢል አይፈረድበትም። ይሁን እንጂ ክርክሩ የሚሠራው ገቢያችን ከዋጋ ንረቱ እኩል ካደገና ወለዱ ባለበት ከቆየ ብቻ ነው። ብዙዎቹ የብድር ውሎች ባንኩ ወለዱን እንዲያሻሽል የሚፈቅድ አንቀጽ አላቸው። ብሩ በሚረክስበት ዘመን ወለዱ ወደ 18 በመቶ ቢወጣ፣ የ1 ሚሊዮን ብር የወር ወለድ 15 ሺህ ብር ይሆናል፤ ይህም ከ13,913ቱ ይበልጣል። ክፍያው ካልተጨመረ በስተቀር እየከፈሉ ዕዳው ያድጋል ማለት ነው። ዕዳው በረጅም ዘመን በተዘረጋ ቁጥር ለእንዲህ ዓይነቱ ለውጥ ይበልጥ ይጋለጣል።

እስከ አሁን ያለው ስለ ገንዘቡ ነው፤ የባሰው ያለው በቤቱ ላይ ነው። የአክስቴ ልጅ ከደሴ ዳር ባለ ተዳፋት ሰፈር ለሽያጭ የተሠራ ቤት ዓረብ አገር ያለች እህቱ በላከችለት ገንዘብና በባንክ ብድር ገዛ። ሳሎኑ በጂፕሰም ያጌጠ፣ ወለሉ ሴራሚክ፣ በሩ የሚያብረቀርቅ ነበር። አንድ ክረምት እንዳለፈ በኋለኛው ግድግዳ ላይ ከመስኮቱ ጥግ ተነሥቶ ወደ መሠረቱ የሚወርድ፣ ሳንቲም የሚያስገባ ስንጥቅ ታየ። ግንበኛው በስንጥቁ ላይ ቀጭን መስታወት በሲሚንቶ ለጠፈበት፤ ሳይቆይ መስታወቱ ለሁለት ተሰበረ፤ ግድግዳው ገና እየሄደ ነበር። ሲቆፈር መሠረቱ ያረፈው በሙሌት አፈር ላይ ሆኖ ተገኘ፤ ከበስተታች የድጋፍ ግንብ አልነበረውም። ደሴ በጦሳ ግርጌ በተዳፋት ላይ የተቆረቆረች ከተማ እንደ መሆኗ የመሬት መንሸራተት የኖረ ችግሯ ነው፤ ለሽያጭ የሚሠራ ሰው ግን የማይታይ ግንብ ላይ ገንዘብ ማፍሰስ አይወድም። ጂፕሰሙ ሲነሣ ደግሞ ማገሩ ሳይደርቅ የተመታ ባሕር ዛፍ ነበር፤ ቆርቆሮውም 35 ጌጅ፣ ማለትም ከሚሸጡት ሁሉ ስስ ከሚባሉት አንዱ ነው (በቆርቆሮ ቁጥሩ ሲጨምር ውፍረቱ ይቀንሳል፤ ይህን የማያውቅ ገዢ ብዙ ነው)። ከፈረሰው ኮለን (ምሰሶ) የወጣው 12 ሚሊ ሜትር ተብሎ የተገዛው ፌሮ በካሊፐር (በውፍረት መለኪያ) ሲለካ ከ10 ከግማሽ አልበለጠም። የቆጣሪው ብሬከርም የታወቀ ስም ተለጥፎበት ተመሳስሎ የተሠራ ሆኖ፣ ምጣዱ ሲሰካ መውረድ ሲገባው ቀለጠ።

ለድጋፍ ግንቡና ለጣሪያው የወጣው ከ300 ሺህ ብር በላይ ነው፤ የባንኩ ወርሃዊ ክፍያ ግን አንድም ብር አልቀነሰም። የባንኩ መሐንዲስ ቤቱን የሚገምተው ብድሩ ባይመለስ በጨረታ ስንት ያወጣል በሚል ነው እንጂ ክረምት እንዴት ያሳልፋል በሚል አይደለም፤ ግምቱን እንደ ምርመራ ማየት ስሕተት ነው። ከሁሉ የሚያንገበግበው ደግሞ በጌጥ ላይ የሚከፈለው ወለድ ነው። ሻጩ በጂፕሰሙና በቀለሙ ምክንያት 100 ሺህ ብር ቢጨምር፣ ገዢው ያንኑ በ20 ዓመት ብድር ሲከፍለው 334 ሺህ ብር ይሆንበታል፤ ጂፕሰሙም ዕዳው ሳያልቅ ይረግፋል።

አሁን ሁለቱን ቤቶች ጎን ለጎን እናስቀምጣቸው። ገዢው በእጁ 1 ሚሊዮን ተኩል ብር አለው እንበል። ያለቀው ቤት 3 ሚሊዮን ብር ቢሆን 1 ሚሊዮን ተኩል ይበደራል፤ በ20 ዓመት በወር 20,869 ብር እየከፈለ፣ የራሱን ገንዘብ ጨምሮ በድምሩ 6 ሚሊዮን ተኩል ብር ያወጣል። ያላለቀው ቤት፣ ማለትም ጣሪያው የተመታ፣ ግድግዳው የቆመ፣ ሁለት ክፍሉ በርና መስኮት ገብቶለት ሊኖሩበት የሚቻል ቤት፣ 2 ሚሊዮን 100 ሺህ ብር ቢሆን የሚበደረው 600 ሺህ ነው፤ በ10 ዓመት በወር 10,051 ብር፣ ከራሱ ገንዘብ ጋር 2 ሚሊዮን 706 ሺህ ብር ይሆናል። የማጠናቀቂያው ሥራ በዛሬ ዋጋ 900 ሺህ ብር ነው ቢባልና ሲሚንቶና ብረት እየተወደደ እጥፍ ሆኖ 1 ሚሊዮን 800 ሺህ ብር ቢደርስ እንኳ፣ ጠቅላላው 4 ሚሊዮን ተኩል ብር ነው። ከመጀመሪያው በ2 ሚሊዮን ብር ያንሳል። ገንዘቡ ከየት ይመጣል ለሚለው፣ በሁለቱ ክፍያዎች መካከል ያለው 10,818 ብር በየወሩ ለቤቱ ከዋለ በ10 ዓመት 1 ሚሊዮን 298 ሺህ ብር ይሆናል፤ የጎደለውን ብድሩ ካለቀ በኋላ ሙሉውን 20,869 ብር በየወሩ ለቤቱ እያዋለ በ2 ዓመት ይሞላዋል። ያለቀ ቤት የገዛው ሰው በዚያን ጊዜ ገና 8 ዓመት ይቀረዋል። በቤቱ ውስጥ እየኖሩ ስለሚሠራም የኪራይ ወጪ የለም። በእርግጥ አቧራው፣ ግንበኛ ማባበሉና ያለ ልስን ግድግዳ እንግዳ መቀበሉ የሚከብደው ቤተሰብ አለ፤ እኔ ግን በ2 ሚሊዮን ብር የማይታገሡት አቧራ አይታየኝም።

ያላለቀ ቤት ሌላም ብልጫ አለው፤ ገበናው አይሸፈንም። ልስን ያልተለሰነ ብሎኬት፣ ጂፕሰም ያልከለለው ማገር፣ ከኮለኑ ጫፍ ወጥቶ የሚታይ ፌሮ ሁሉ በዓይን ይመረመራል፤ ካሊፐር ይዞ መሄድ ነው። ደሴ ላይ ከቤቱ በፊት የድጋፍ ግንቡንና የጎርፍ መውረጃውን ማየት ይገባል፤ ከተቻለም ነሐሴ ላይ መግዛት የተሻለ ነው፤ በጥር ሁሉም ግድግዳ ደረቅ ነው። በኮምቦልቻ በሜዳው በኩል ደግሞ መረሬ አፈር ከሆነ መሠረቱ ምን ያህል እንደ ተቆፈረ መጠየቅ ያስፈልጋል፤ ይህ አፈር በክረምት አብጦ በበጋ ይሰነጠቃልና።

የ20 ዓመት ብድር ቀድሞ የፈረመ ሰው የሚያደርገው አለ። በመጀመሪያው ዓመት መጨረሻ ላይ 50 ሺህ ብር በአንድ ጊዜ ተጨማሪ ቢከፍል፣ ከ1 ሚሊዮን ብር ብድሩ ላይ የ51 ወራት ክፍያ ይቀርለታል፤ ይህም ከ700 ሺህ ብር በላይ ነው። ያው 50 ሺህ ብር በ15ኛው ዓመት ቢከፈል ጥቅሙ እጅግ ያነሰ ነው። ስለዚህ ከመፈረም በፊት ከባንኩ በጽሑፍ መጠየቅ ያለበት፣ ትርፍ ክፍያ በቀጥታ ከዋናው ብድር ላይ ይቀነሳል ወይስ እንደ ቀጣይ ወር ክፍያ ይቆጠራል፣ ቀድሞ መክፈልስ ቅጣት አለው ወይ የሚለው ነው። ውሉ ያለ ቅጣት ከፈቀደ፣ በ20 ዓመት ፈርሞ በ10 ዓመት ሒሳብ መክፈል ለጥንቁቅ ሰው ከሁሉም ይሻላል ብዬ አምናለሁ፤ በ2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ሲደርስ እንደ ታየው ገቢ ሲቋረጥ ግዴታው ትንሹ ክፍያ ብቻ ይሆናልና። ክፍያ ማዘግየት ቀላል ነገር አይደለም፤ በ1990 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 97 ባንክ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ መያዣውን ያለ ፍርድ ቤት ክስ በጨረታ እንዲሸጥ ይፈቅድለታል።

በሃይማኖቱ ምክንያት ወለድ የማይነካ ወገናችን ብዙ ነው፤ ለእርሱ ያለው መንገድ ሙራባሃ ሲሆን፣ ዘምዘምና ሂጅራን የመሳሰሉ ባንኮችም ሆኑ የሌሎች ባንኮች ወለድ አልባ ክፍሎች የሚሠሩበት ነው። ባንኩ ንብረቱን ገዝቶ ትርፉን ጨምሮ ይሸጣል። ዋጋው በፊርማው ቀን ስለሚቆረጥ በመሃል የሚያድግ ወለድ የለም፤ ይህ ትልቅ ብልጫ ነው። ዋጋውን ለማነጻጸር ግን ድምሩን ብቻ ይመልከቱ፤ የ1 ሚሊዮን ብር ንብረት በ10 ዓመት 2 ሚሊዮን 10 ሺህ ብር ከተባለ በኪስ ላይ ያለው ክብደት ከ16 በመቶው ብድር ጋር እኩል ነው። ቀድሞ ለሚከፍል ቅናሽ ይኖር እንደሆነም ማጣራት ይገባል።

በተቃራኒው «12 በመቶ ብቻ» እየተባለ በመጀመሪያው ብድር ላይ እስከ መጨረሻ የሚታሰብ ወለድ አለ። 500 ሺህ ብር በዚህ ስሌት ለ5 ዓመት ቢወሰድ ወለዱ 300 ሺህ ብር ነው፤ በቀሪ ዕዳ ላይ እንደሚሰላው ወለድ ቢቆጠር ከ20 በመቶ በላይ ማለት ነው። ይህን መሸሽ ነው።

የቀሩት ወጪዎች ከብድሩ ውጭ በጥሬ ገንዘብ የሚከፈሉ ናቸው። የባንኩ የግምት ክፍያ፣ በየዓመቱ የሚታደሰው የእሳት መድን፣ የቴምብር ቀረጥ፣ ማለትም በ1990 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ለስም ዝውውር 2 በመቶ፣ ለመያዣ ውሉም 1 በመቶ ብሎ የደነገገው፣ አሉ። በይበልጥ የሚረሳው ግን የመሬቱ ጉዳይ ነው። በ2004 ዓ.ም. በወጣው የሊዝ አዋጅ ቁጥር 721 መሠረት በነባር ይዞታ (በሊዝ ሳይሆን በቀድሞው ሥርዓት በተያዘ መሬት) ላይ ያለ ቤት ከውርስ ውጭ ሲተላለፍ መሬቱ ወደ ሊዝ ይገባል፤ በሊዝ የተያዘ ከሆነም ያልተከፈለው ቀሪ ሊዝ ከቤቱ ጋር ይከተላል። ቀብድ ከመስጠት በፊት ማዘጋጃ ቤት ሄዶ ፋይሉን ማስወጣትና ቀሪው ስንት እንደሆነ በጽሑፍ መቀበል፣ ከዚያም ያንን ቁጥር ከሻጩ ዋጋ ላይ ማስቀነስ ይቻላል፤ ቀብድ ከተከፈለ በኋላ ግን ሻጩ አይሰማም።