የፕሮፌሰሩ ዩኒቨርሲቲ እንዴት ነው ለምትሉኝ

ሱቄ ኮፒ ሊያደርግ የሚመጣ ወላጅ ሁሉ ይጠይቀኛል። «እትዬ፣ የፕሮፌሰሩ ዩኒቨርሲቲ እንዴት ነው? ልጄን ላስገባት?» ለእያንዳንዱ ከማስረዳት አንዴ ልጻፈውና ልገላገል አልኩ። ከአሜሪካ የተመለሱ ፕሮፌሰር እዚህ ባሕር ዳር ያቋቋሙት የግል ዩኒቨርሲቲ ነው፤ ስሙን ግን አልጠራም። ገና አልተመረቅኩም፤ ግሬዴ እጃቸው ላይ ነው።

እኔ የምማረው አካውንቲንግ ነው፣ በኤክስቴንሽን። ፎቶኮፒ ቤቴ ባሕር ዳር ፔዳ፣ የድሮው ፔዳጎጂ አካዳሚ አካባቢ ስለሆነ የዚህ ከተማ መምህራን ሃንድአውት በእጄ ያልፋል። ማን በየዓመቱ አዲስ እንደሚያዘጋጅ፣ ማን የድሮውን ቀኑን ብቻ ቀይሮ እንደሚያመጣ አውቃለሁ። ስለዚህ ስለ ትምህርት ጥራት ሲወራ አፌን ዘግቼ አልሰማም።

ግቢው እንደገባችሁ መጀመሪያ የምታዩት ባነር ነው። የፕሮፌሰሩ የሕይወት ታሪክ። በስተግራ በባዶ እግሩ የቆመ ልጅ፣ በስተቀኝ ካባ የለበሱ ሽማግሌ። መሃል ላይ ጽሑፉ አለ። ቢቸና አካባቢ ተወለዱ፣ ቅኔ ቤት ገቡ፣ ከዚያ ደብረ ማርቆስ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ተማሩ፣ በደርግ ጊዜ በሱዳን በኩል ወጡ፣ አሜሪካ መኪና ማቆሚያ ላይ ትኬት እየቆረጡ ዶክትሬታቸውን ያዙ፣ ፀጉራቸው እስኪሸብት አስተማሩ፣ «የአገራቸውን ውለታ ለመክፈል» ተመለሱ። የምዝገባ ሠራተኞች ወላጅ ሲመጣ ቀድመው የሚያሳዩት እሱን ነው። የኮምፒውተር ክፍሉን አይደለም፣ ባነሩን።

ታሪኩ እኔንም ይነካኛል። ጎጃም ለትምህርት ብሎ ከቤት መጥፋት አዲስ ነገር አይደለም። ዋሸራ፣ ዲማ፣ ደብረ ኤልያስ፣ ጎንጅ ቅኔ ሊቆጥር አኩፋዳውን አንጠልጥሎ የወጣ ሰው የሌለበት ቤት ጥቂት ነው። የኔም አጎት እንደዚያ ነው የሄዱት። እሳቸው ሲመለሱ ግን ወንበር ዘርግተው በነፃ አስተማሩ። ፕሮፌሰሩ በክሬዲት አወር ያስከፍላሉ፣ ያውም ከጎረቤት ኮሌጆች ወደድ አድርገው። ለወቀሳ አይደለም፤ ኪራይ አለ፣ መብራት አለ፣ ደመወዝ አለ። ከከፈልኩ ግን የማየው ባነሩን ሳይሆን የገዛሁትን ነው።

ደግሞ ከተማችን የትምህርት ድሃ አይደለችም። ፖሊ፣ ማለትም ፖሊቴክኒክ ኢንስቲትዩቱ፣ በ1955 ዓ.ም. በሶቪየት ኅብረት ትብብር ተከፈተ። ፔዳ ከአሥር ዓመት ገደማ በኋላ ተከተለ። በ1992 ዓ.ም. ሁለቱ ተዋህደው ባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ሆኑ። ከአሜሪካ የመጣ ሰው እዚህ ላይ ምን ይጨምራል?

የጨመሩት ትልቁ ነገር ወረቀት መመለስ ነው። አትሳቁ። ሌላ ቦታ የተማረ ሰው ያውቀዋል፤ የፈተና ወረቀት አንዴ ከተሰበሰበ የት እንደሚገባ እግዜር ይወቀው። ግሬድ ይለጠፋል፣ አለቀ። እዚህ መምህሩ ፈተናውን አርሞ፣ ጠርዙ ላይ አስተያየት ጽፎ በሳምንቱ መመለስ አለበት። የፕሮፌሰሩ ሕግ ነው። በየመምህሩ በር ላይም ተማሪ የሚያነጋግርበት ሰዓት ተለጥፏል፤ በሰዓቱ ሂዱና ብታጡት ለፕሮፌሰሩ መንገር ትችላላችሁ።

አንድ ምሳሌ ልስጣችሁ። ሚድ ላይ የመጣ ጥያቄ ነው። አንድ ማሽን በ120,000 ብር ተገዛ፤ 5 ዓመት ያገለግላል፤ በመጨረሻ 20,000 ብር ያወጣል። የዓመት እርጅናው፣ ማለትም በየዓመቱ ከዋጋው የሚቀነሰው፣ ስንት ነው? ቀላል ነው። 20 ሺውን ቀንሼ ለ5 አካፈልኩ፣ 20,000 ጻፍኩ። ወረቀቱ ሲመለስ ራይት አለው፣ ሥሩ ግን በእርሳስ እንዲህ ተጽፏል፦ «ስሌቱ ልክ ነው። ይህ ማሽን የሚያረጀው በዓመት ነው ወይስ በሥራው ብዛት?»

ኧረ ይህን ማንን ይጠይቃል! ማሽኔ ሆዱ ውስጥ ቆጣሪ አለው። ግንቦትና ሰኔ ተማሪ ሪሰርቹን ተሸክሞ ሲመጣ ቀን ከሌት ይሠራል። ነሐሴ ላይ አቧራ ይጠጣል። ሰኔንና ነሐሴን እኩል አረጀ ማለት ውሸት ነው። መምህሩ ቢሮ ሄጄ ይህንኑ አልኩት። ወጣት ልጅ ነው፤ ወንበር ስቦ አስቀመጠኝና «እሺ እትዬ፣ ማሽኑ ዕድሜውን ሙሉ 500,000 ቅጂ ቢያወጣስ?» አለኝ። 100 ሺውን ለ500 ሺ ስናካፍል በቅጂ 20 ሳንቲም መጣ። ዛሬ የኮፒ ዋጋ ስተምን ያቺ 20 ሳንቲም ከወረቀቱና ከቶነሩ ጎን ትቆማለች። ለዚህ ብር ብከፍል አይቆጨኝም።

ፈተና ካነሳሁ አይቀር የጉድ ታሪካችንን ልንገራችሁ። ፕሮፌሰሩ ኦሬንቴሽን ላይ ስለ አሸሲ ዩኒቨርሲቲ ያወራሉ። በየዓመቱ። መሥራቹ ፓትሪክ አዉዋ ይባላል፣ ጋናዊ ነው። አሜሪካ ተምሮ ማይክሮሶፍት ይሠራ ነበር። ትቶት ተመለሰና እ.ኤ.አ. በ2002 አክራ ውስጥ በኪራይ ቤት 30 ተማሪ ይዞ ጀመረ። እ.ኤ.አ. በ2011 ነው በረኩሶ ኮረብታ ላይ የራሳቸውን ግቢ ያገኙት። እዚያ ተማሪዎች አንኮርጅም ብለው በራሳቸው ድምፅ ቃል ይገቡና ያለ ፈታኝ ይፈተናሉ። ፕሮፌሰሩ ይህን ሲናገሩ ዓይናቸው ይበራል። እኛም እናጨበጭባለን።

ማጨብጨቡ ቀላል ነበር። አንድ ቀን ፈተናውን አድለው፣ «ከሰዓት በኋላ እመለሳለሁ» ብለው በሩን ዘግተው ሄዱ። አስቡት እንግዲህ። የ12ኛ ክፍል ፈተና ኩረጃ ስላስቸገረ ተማሪውን በአውቶቡስ ጭኖ ዩኒቨርሲቲ ግቢ አስገብቶ እስከ መፈተን የደረሰ አገር ነው። በዚያ በመጀመሪያው ዙር፣ የ2014 ዓ.ም. ተፈታኞች ጥቅምት 2015 ዓ.ም. ላይ ሲቀመጡ፣ 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጣው 3.3 በመቶ ብቻ ነበር። እኛም የዚያው አገር ልጆች ነን። መጀመሪያ ጸጥታ ሆነ። ቀጥሎ ሳል በዛ። ከዚያ ከኋላዬ የተቀመጠው የባንክ ሠራተኛ፣ ሚስትና ልጆች ያሉት ሰው፣ «እታለም፣ ሦስተኛው ስንት መጣልሽ?» አለኝ። ዝም ስለው ወደ ጎን ዞረ። ጎኑ ያለው ነገረው። ችግሩ የነገረው ቁጥር ስህተት ነበር። በሳምንቱ ያ አንድ ስህተት የክፍሉን ግማሽ ወረቀት ሞልቶት ተገኘ።

ፕሮፌሰሩ አልጮሁም። ስህተቷን ሰሌዳ ላይ ጻፏት፣ ከበቧት፣ «ይቺ ልጅ ብዙ ዘመድ አላት» አሉ። በሣቅ አለቅን። ፈተናው ተሰረዘ፣ በፈታኝ ደገምን። አሁን ያለ ፈታኝ የሚፈተኑት ሦስተኛ ዓመት የደረሱና በድምፅ የተስማሙ ክፍሎች ብቻ ናቸው። እኔ ሐሳቡን ወድጄዋለሁ። የኔ ክፍል ግን ሁለቴ ድምፅ ሰጥቶ ሁለቴም ፈታኝ መርጧል። ራሳችንን እናውቃለን መሰለኝ።

ላይብረሪው ጸጥ ያለ ነው፣ መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተር አለው። መጻሕፍቱ ግን ግማሾቹ ፕሮፌሰሩ ከአሜሪካ በኮንቴይነር ያመጧቸው የራሳቸው ናቸው። የአሜሪካ ግብር ሕግ መደርደሪያ ሙሉ አለ። ለማን እንደሆነ እንጃ፤ እኔን ነገ የሚጠብቀኝ የገቢዎች ቢሮ ነው። አንድ የስታትስቲክስ መጽሐፍ ግን ተዋስኩ። ጠርዙ ላይ በደቃቅ እርሳስ፣ በአማርኛ፣ «ይኸ ምን ማለት ነው?» የሚል በየገጹ አለ። አንዳንዱ ሥር መልሱ በሌላ ቀለም ተጽፏል፤ አንዳንዱ እስከ ዛሬ ባዶ ነው። ሌሊት ትኬት ቆርጠው ሲገቡ የጻፉት ይመስለኛል። ሰቅለው የሚያሳዩት ከፈለጉ ከባነሩ ይልቅ ያንን ገጽ ቢሰቅሉት ይሻል ነበር።

አሁን ወደ ጣጣው። ሬጅስትራሩ ቀሽም ነው። ሌላ ቃል የለውም። «ሲስተም የለም» ይሏችኋል፤ ሲስተሙ ሲመጣ ሰውየዋ የለችም። የአንድ ኮርስ ግሬዴ ጠፍቶ መምህሩን ራሱን ይዤ ሄጄ ነው ያስገባሁት። ክፍያውም ይንጠባጠባል። ሲመዘገቡ አንድ ዋጋ ይነገራል፣ ከዚያ የመታወቂያ፣ የላይብረሪ፣ የማሻሻያ እያለ በየመስኮቱ ይቀጥላል። መንገድ ሲዘጋ ከመራዊና ከአዴት የሚመጡት ተማሪዎች ይቀራሉ፤ ማካካሻ ክላስ ይሰጧቸዋል፣ ይህ ያስመሰግናል። ሴሚስተሩን ጨርሶ ላቋረጠ ግን ገንዘቡ አይመለስም። ካፌው? ሽሮው ጥሩ ነው፣ ሻዩ ውኃ ነው።

ከሁሉ የከፋው ግን የክረምቱ ነገር ነው። ፕሮፌሰሩ ሰኔ ላይ አሜሪካ ይሄዳሉ፣ ልጆቻቸውም ሐኪማቸውም እዚያ ናቸው። እስከ መስከረም የሉም። እሳቸው አውሮፕላን ሲሳፈሩ ወረቀት መመለሱ አብሮ ይሳፈራል። በር ላይ የተለጠፈው ሰዓት ይቀራል፣ መምህሩ አይቀርብም። የክረምት ኮርስ የወሰድኩበትን ፈተና እስከ ዛሬ አላየሁትም። ፊርማ የሚፈልግ ደብዳቤ ሁሉ «ፕሮፍ ሲመጡ» ነው። አንድ ቀን በር ላይ አግኝቼ ነገርኳቸው። «ጋሼ፣ እርስዎ ከሌሉ ዩኒቨርሲቲው የለም እኮ» አልኳቸው። ደስ የሚላቸው መስሎኝ አልነበረም፤ ደስም አላላቸውም። «እሱን ነው የምፈራው» አሉና የራሳቸውን ጣጣ አወሩኝ። ቢጫ ካርዳቸውን (የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያቸውን)፣ የገዛ ዶክትሬታቸውን አቻ ግምት ለማሠራት ወረፋ የቆሙበትን፣ ምክትል አድርገው የቀጠሯቸው ሰዎች ለተሻለ ደመወዝ የሄዱባቸውን። አሳዘኑኝ። ቢሆንም ክፍያዬ አልቀነሰም።

ስለዚህ ነጥቤ ይኸው፦ እሳቸው ካሉ ከ10 8፣ ከሌሉ ከ10 4። ልጃችሁን የምታስገቡ ከሆነ በመስከረም አስገቡ፣ የክረምት ኮርስ ባትወስድ ይመረጣል።

ከመመዝገባችሁ በፊት ደግሞ የእውቅና ፈቃዱን አሳዩኝ በሉ። ይህ የትም ግል ተቋም ብትሄዱ ነው። ፈቃድ የሚሰጠው በጅምላ ለስሙ አይደለም፤ ለየትምህርት ዘርፉ፣ ለየካምፓሱ፣ መደበኛ ይሁን ኤክስቴንሽን ወይም ርቀት ተለይቶ ነው። አካውንቲንግ አለው ማለት ነርሲንግም አለው ማለት አይደለም። ቀጥሎ የመውጫ ፈተና ውጤታቸውን ጠይቁ። 50 በመቶ ያላመጣ ዲግሪ አያገኝም፣ አራት ዓመት ቢከፍልም። በ2015 ዓ.ም. ፈተናው ለሁሉም ዘርፍ ሲጀመር ከመንግሥት ተቋማት ተፈታኞች 62 በመቶ ገደማ ሲያልፉ ከግል ተቋማት ያለፉት 17 በመቶ ገደማ ነበሩ። የእኛዎቹ ውጤቱን በዲፓርትመንት ለይተው ሰሌዳ ላይ ይለጥፋሉ፣ ያላማረውንም ጭምር። ሊያሳያችሁ የማይፈልግ ኮሌጅ ካጋጠማችሁ ሻይ ጠጥታችሁ ውጡ።

ምዝገባ ጠዋት ነው የሚቀልለው፤ ከሰዓት ገንዘብ ተቀባይዋን አታገኟትም። የከፈላችሁበትን ደረሰኝ ሁሉ አስቀምጡ። ምረቃ ሲደርስ ሬጅስትራሩ ከአንደኛ ዓመት ጀምሮ አምጡ ይላችኋል።