ፓርታጋስ ሴሪ ዴ ቁጥር 4፦ ስሙ የ1845፣ ጥቅሉ የዛሬ

ፓርታጋስ ሴሪ ዴ ቁጥር 4 በእጅ የሚጠቀለል የኩባ ሲጋር ነው። ሃቫና ውስጥ ከካፒቶሉ (ከምክር ቤቱ ሕንፃ) ጀርባ ያለው አሮጌ ሕንፃ ግንባሩ ላይ «ፓርታጋስ፣ ንጉሣዊ የትምባሆ ፋብሪካ፣ 1845» ይላል (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። ይህን አይቶ ሲጋር የሚገዛ ሰው ግን ከ1845ቱ ድርጅት እየገዛ አይደለም። ካታሎናዊው ሃይሜ ፓርታጋስ ፋብሪካውን ሲከፍት ኩባ በስፔን ሥር ነበረች። የስፔን ዘውድ በ1717 የትምባሆ ንግዱን ጠቅልሎ ይዞ ገበሬውን ለመንግሥት ብቻ ሽጥ ይለው ነበር፤ ገበሬውም አምጾበታል። ይህ ሞኖፖል በ1817 ባይነሣ ኖሮ ፓርታጋስን የመሰለ የግል ፋብሪካ ባልቆመ። በደሴቲቱ ባርነት የቀረው ደግሞ በ1886 ነው፤ የዚያን ዘመን ሲጋር የሚያወድሱ ጽሑፎች ይህን ሲያነሡ አይታይም። በ1900 የፓርታጋስ ንግድ ወደ ሲፉንቴስ ቤተሰብ ዞረ፣ በ1960 አብዮታዊው መንግሥት ወረሰው። ዛሬ ለዓለም የሚያከፋፍለው አባኖስ የተባለው ድርጅት ነው። ጥቅለላውም ከአሮጌው ሕንፃ ወጥቷል፤ እዚያ የቀረው ሱቁ ነው።

ከጥንቱ ብዙም ያልተለወጠው የእጅ ሥራው ነው። ለሲጋር ጠቃላዮች ጮክ ብሎ ጋዜጣና ልብ ወለድ የሚያነብ ሰው መቅጠር በሃቫና ፋብሪካዎች የተጀመረው በ1865 ሲሆን፣ የቅኝ ገዢው ባለሥልጣን በ1866 ሠራተኛውን ያሳምጻል ብሎ ከለከለው። ክልከላው አልዘለቀም፤ ልማዱ ዛሬም አለ።

ሴሪ ዴ ቁጥር 4 ርዝመቱ 124 ሚሊ ሜትር፣ ውፍረቱ ወደ 20 ሚሊ ሜትር ነው። ውስጡ በሦስት ዓይነት ቅጠል ይሞላል፦ ከተክሉ አናት የሚለቀም ሊጌሮ ኃይል ይሰጣል፣ ከመካከል የሚለቀም ሴኮ መዓዛ፣ ከታች ያለው ቮላዶ ደግሞ እሳቱን ይይዛል። ሊጌሮ ቀስ ብሎ ስለሚነድ ጠቃላዩ መሃል ላይ ያስቀምጠዋል። ወደ አንድ ጎን ካዘነበለ ሲጋሩ በአንድ ወገን ብቻ ይነድዳል። ቅጠሉ ተጣምሞ ወይም በዝቶ ከታጨቀ ደግሞ አየር አያልፍም፤ የዚህ ሲጋር የታወቀ ችግርም ይኸው ነው። ጥቅሉ የመጨረሻውን ልባስ (ከላይ የሚጠቀለለውን ቅጠል) ሳይለብስ አየር ማሳለፉን በሚለካ መሣሪያ መፈተሽ ከጀመረ ወዲህ የታፈነ ሲጋር ቀንሷል እንጂ አልጠፋም።

ጣዕሙ ከባድ ነው፤ አፈር፣ ቁንዶ በርበሬና ቆዳ ይሸታል። ለጀማሪ አይመከርም። ሣጥኑ ሲከፈት የአሞኒያ ሽታ ካለው ገና አልበሰለም፤ ቢያንስ አንድ ዓመት ይቀመጥ። ሲቆረጥ ከጫፉ 2 ወይም 3 ሚሊ ሜትር ይበቃል፤ ከዚያ ካለፈ ልባሱ ይፈታል። በቤንዚን ላይተር ከተለኮሰ ሽታው ይገባበታል። በደቂቃ ከአንድ ጊዜ በላይ ከተሳበ ይግልና ይመርራል። ጭሱን ወደ ሳንባ አለማስገባት ጉዳቱን አያስቀረውም፤ የአፍና የጉሮሮ ካንሰር ያመጣል።

ሃቫና መንገድ ላይ «ወንድሜ ፋብሪካ ይሠራል» እያለ በርካሽ የሚሸጥ ሰው በአብዛኛው የሚሸጠው አስመስሎ የተሠራ ነው፤ ከሱቅ ግዙ። ሣጥኑ ሥር የኩባ ሥሪት መሆኑን፣ በእጅ መሠራቱንና የአባኖስን ስም የሚገልጹት ቃላት በእንጨቱ ላይ በግለት የታተሙ መሆን አለባቸው። የፋብሪካው ምሥጢራዊ ኮድና የታሸገበት ወርና ዓመት ግን በቀለም ይመታሉ። አረንጓዴው የዋስትና ወረቀት ከሌለ ወይም ቀለሙ ከደበዘዘ ተዉት።

አቀማመጡ የአየሩን እርጥበት ከ65 እስከ 70 በመቶ፣ ሙቀቱን ከ16 እስከ 18 ዲግሪ መጠበቅ ይፈልጋል። አዲስ አበባ ላይ ቅዝቃዜው ይስማማዋል፣ የበጋው ድርቀት ግን ልባሱን ይሰነጥቃል፤ ዱባይና ሪያድ ደግሞ ኤሲው ያደርቀዋል። በሚገባ የሚዘጋ ሣጥንና እርጥበት ጠባቂ ከረጢት ይበቃል። ሙቀቱ ከ25 ዲግሪ ካለፈ በቅጠሉ ውስጥ ያለው የጥንዚዛ እንቁላል ይፈለፈላል፤ ምልክቱ መርፌ የወጋው የሚመስል ቀዳዳ ነው። የቀረውን ለማዳን በፕላስቲክ አሽጎ 3 ቀን ከዜሮ በታች 20 ዲግሪ ማቆየት፣ ከዚያ 1 ቀን በተራ ፍሪጅ ማሳደር ነው። በቀጥታ ወደ ክፍል ሙቀት ከወጣ ልባሱ ይፈነዳል።

አሜሪካ ለምትኖሩ፦ ከመስከረም 2020 ወዲህ የኩባ ሲጋር ለግልም ቢሆን በሻንጣ ይዞ መግባት የተከለከለ ነው፤ ከሦስተኛ አገር ቢገዛም ያው ነው።