የመንገድ ዳር የላሜራ ሱቅ፦ ለደሴና ለኮምቦልቻ የትኛው ያዋጣል?

ከኮምቦልቻ ደሴ፣ ከዚያም በሐይቅ አድርጎ እስከ ወልድያ በዋናው አስፋልት ዳር የሚታዩት ትንንሽ ሱቆች ሦስት ዓይነት ናቸው፤ በሞራሌ ቆመው ቆርቆሮ የለበሱ፣ ሙሉ በሙሉ የተበየዱ የላሜራ ሳጥኖች እና በብሎን የሚገጣጠሙ። አብዛኛው ሰው የሚያሠራው ሁለተኛውን ነው። ለመንገድ ዳር ግን የሚሻለው ሦስተኛው ነው፤ በጊዜያዊ ፈቃድ የቆመ ሱቅ ተነሣ በተባለ ቀን መነሣት አለበትና። ኮሪደር ልማቱ ሁለቱ ከተሞች ከገባ ወዲህማ ይህን ማስረዳት አያስፈልግም።

የቆርቆሮው ርካሽ ነው፤ ሌላ የሚባልለት የለም። ሲነቀል ሞራሌው ይሰነጠቃል፣ ቆርቆሮው በምስማር ተበሳስቶ ይቀራል።

የተበየደው፣ በ2 በ2.5 ሜትር ስፋትና በ2.3 ሜትር ቁመት፣ ለግድግዳና ለጣሪያ 1 በ2 ሜትር የሆነ 14 ያህል ላሜራ፣ ለአጽሙ ደግሞ ባለ 40 በ40 ሚሊ ቱቦላሬ (ውስጡ ባዶ የሆነ ባለ አራት ማዕዘን ብረት) 8 ቤርጋ፣ ማለትም 8 ሙሉ ዘንግ፣ ይበላል። ላሜራው 1 ሚሊ ከሆነ ወለሉ ሳይቆጠር 300 ኪሎ ይደርሳል። 1 ሚሊ ተብሎ 0.8 የሚገጠምበት ጊዜ ስላለ ከመቆረጡ በፊት አንዱን ላሜራ ሚዛን ላይ ያስቀምጡት፤ 1 ሚሊው 15.7 ኪሎ፣ 0.8ቱ 12.5 ኪሎ ገደማ ይመዝናል። ሌላው ችግር የጣሪያው ብየዳ ነው። ነጥብ ነጥብ ብቻ ተደርጎ ቀለም ከተቀባ የመጀመሪያው የሐምሌ ዝናብ ስኳሩ ላይ ይወርዳል። ሳይረከቡ በፊት ሁለት ባልዲ ውሃ ያስደፉበት። ጣሪያው ከፊት ወደ ኋላ ቢያንስ 15 ሳንቲ ሜትር ያዘቅዝቅ፤ አሸንዳም ይኑረው፤ እግረኛ ላይ የሚያንጠባጥብ ሱቅ ጠብ ይጠራል።

ከሁሉ የከፋው ስህተት እግሩን በኮንክሪት መቅበር ነው። ብረቱ ኮንክሪቱን በሚነካበት መስመር ላይ ቶሎ ይዝጋል፤ ደንብ አስከባሪም ሲያየው ቋሚ ግንባታ ይለዋል። ከ6 ሚሊ ብረት የተቆረጠ 15 በ15 ሳንቲ ሜትር መርገጫ በአራቱ እግሮች ሥር አስበይዶ በጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ማስቀመጥ ይበቃል። ወለሉ ከመሬት 20 ሳንቲ ሜትር ከፍ ይበል። ደሴ ላይ ከጦሳ ተራራ የሚወርደው ጎርፍ ቀልድ አያውቅም፤ የውሃ መውረጃ ቦይ ክዳን ላይ የተቀመጠ ሱቅ ደግሞ በጽዳት ዘመቻ ቀድሞ የሚነሣው እሱ ነው።

በብሎን የሚገጠመው እያንዳንዱ ገጽ የራሱ ፍሬም ስላለው ከሦስት እስከ አራት ቤርጋ ይጨምራል፤ ዋጋውም በዚያው ልክ ይወጣል። ግን ትልቁ ገጽ እንኳ ከ70 ኪሎ ብዙ ስለማያልፍ ሁለት ሰው ይሸከመዋል፤ ተፈትቶ በአይሱዙ ካሶኒ ላይ ይደረደራል። ባለ 10 ሚሊ ብሎን በየ40 ሳንቲ ሜትሩ፣ በመጋጠሚያው ውስጥ ላስቲክ፣ መፍቻው 17 ቁልፍ። ብሎኑ ጋልቫናይዝድ ካልሆነና ግሪስ ካልተቀባ በሁለት ክረምት ተጣብቆ በፍሌክስ ካልተቆረጠ አይወጣም፤ ያኔ ከተበየደው በምንም አይሻልም። ገጾቹን ከውስጥ በኩል ቁጥር ያስጽፉባቸው።

ኮምቦልቻ ላይ ጣሪያውን ነጭ መቀባትና ከላይ በወንፊት ሽቦ የተሸፈነ መተንፈሻ መተው የግድ ነው። ደሴ ላይ ደግሞ ሌሊት ላሜራው ከውስጥ ያልበዋል፤ ኮርኒስ ያስፈልጋል። ቺፑድ አይሁን፣ እርጥበት ሲነካው ያብጣል።

መብራት ከጎረቤት ሲሳብ ሽቦው በላሜራው ቀዳዳ ጠርዝ ይቆረጥና ሱቁ በሙሉ ኤሌክትሪክ ይይዛል። ቀዳዳው ላይ የፕላስቲክ ቱቦ ይግባ፤ አጽሙም ከመሬት ጋር በኧርዝ ሽቦ ይታሰር።

ወረቀቱን በተመለከተ፣ ብረት ከመቆረጡ በፊት ፈቃዱ በእጅ ይኑር። በላዩ ላይ የቦታው ስፋት፣ የንግዱ ዓይነት፣ ከአስፋልቱ ጠርዝ ያለው ርቀትና የሚያበቃበት ቀን በቁጥር መጻፉን ይዩ። «በመንገዱ ዳር» ብቻ የሚል ፈቃድ አለቃ ሲቀየር ያከራክራል። ከከተማው ወጣ ካለ የመንገዱ ወሰን የመንገዶች አስተዳደር ጉዳይ ስለሆነ የማዘጋጃ ቤቱ ማኅተም ብቻውን አያድንም። ንድፉ ላይ ደግሞ የፊቱ መስኮት ተከፍቶ ይሳል። ወደ ላይ የሚነሣው ክዳን 80 ሳንቲ ሜትር ወደ እግረኛ መንገድ ይወጣል፤ ሱቁ ተዘግቶ ተለክቶ ፈቃድ ያገኘ ሰው በሥራ ሰዓት ሲለካ ትርፍ ይዞ ይገኛል።