ሚኖክሲዲል ወይስ ፊናስተራይድ? ሲያቋርጡት የበለጠ የሚያከስረው የቱ ነው?

ፀጉራቸው መሳሳት የጀመረ ወዳጆቼ ሲያማክሩኝ ጥያቄያቸው ከሁለት አያልፍም፤ «የትኛው ይሻላል?» እና «ስንት ነው?» ይላሉ። ሦስተኛው ጥያቄ፣ ማለትም «ጀምሬ ባቋርጠውስ?» የሚለው፣ የሚመጣው ገንዘቡ ከወጣና መድኃኒቱ ከተተወ በኋላ ነው። በዘር በሚመጣው ራሰ በራነት ላይ ግን ዋናው ሒሳብ ያለው እዚህ ሦስተኛው ጥያቄ ውስጥ ነው፤ ምክንያቱም እነዚህ መድኃኒቶች መሳሳቱን ከሥሩ አይነቅሉትም፣ እየተወሰዱ እስካሉ ድረስ ብቻ ይይዙታል። አቋሜን ከወዲሁ ላስታውቅ፦ ወንድ ለሆነና ሐኪም አይቶ ለፈቀደለት ሰው፣ ከሚቀባው ሚኖክሲዲል ይልቅ የሚዋጠውን ፊናስተራይድ እመርጣለሁ።

ሚኖክሲዲል እ.ኤ.አ. በ1979 በአሜሪካ ሲፈቀድ ለከባድ የደም ግፊት የሚዋጥ ክኒን ነበር። የወሰዱት ሕሙማን ፊታቸውና ክንዳቸው ላይ ሳይቀር ፀጉር ማብቀላቸው ስለታየ፣ የሚቀባው ዓይነት በ1988 ለወንዶች ራሰ በራነት ተፈቀደ፤ ከ1996 ጀምሮም በዚያው አገር ያለ ሐኪም ማዘዣ ይሸጣል። ፀጉሩን የሚያሳሳውን ሆርሞን፣ ዲኤችቲ የሚባለውን፣ ጨርሶ አይነካውም። የሚሠራው የፀጉር ሥር የሚያርፍበትን ጊዜ በማሳጠርና የሚያድግበትን ጊዜ በማራዘም ነው። መቀባቱ ሲቀር፣ በመድኃኒቱ ኃይል ቆመው የነበሩት ፀጉሮች በአንድነት ወደ ዕረፍት ይገቡና ከጥቂት ወራት በኋላ በአንድነት ይረግፋሉ። በማሸጊያው ላይ የሚጻፈው ማስጠንቀቂያም ያቋረጠ ሰው አዲስ የበቀለውን ፀጉር በሦስት ወይም በአራት ወር ውስጥ እንደሚያጣ ይናገራል።

ይህ በተግባር ምን እንደሚመስል በአክስቴ ልጅ ላይ አይቻለሁ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር የምንዛሪ ተመን በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ፤ ከውጭ የሚመጣው ጠርሙስም አብሮት ወጣ። እሱም «ትንሽ እስኪረጋጋ ልተወው» ብሎ መቀባቱን አቆመ። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ወራት ምንም ስላልታየበት መድኃኒቱ ሥራውን ጨርሷል ብሎ ደስ አለው። በሦስተኛው ወር ግን ሻምፑውን ሲያለቀልቅ በጣቶቹ መሃል ተጠምጥሞ የሚቀረው ፀጉር በዛ፤ የመታጠቢያ ቤቱ የውኃ መውረጃም እየተደፈነ በሽቦ መጎርጎር ግድ ሆነ፤ በአራተኛው ወር አናቱ ላይ ያለው ክፍት ቦታ መድኃኒቱን ከመጀመሩ በፊት ከነበረውም ሰፍቶ ታየ። «መድኃኒቱ ነው ያበላሸኝ» ይላል እስከ ዛሬ። አላበላሸውም፤ ባይቀባ ኖሮ በእነዚያ ዓመታት ውስጥ ቀስ እያለ ይደርስበት ወደነበረው ቦታ ነው የመለሰው። የዓመታት መሳሳት በሁለት ወር ውስጥ ሲወርድ ግን ለማንም ሰው የባሰ መምሰሉ አይቀርም።

አሁን ወደ ገንዘቡ እንምጣ። የሚመከረው መጠን ጠዋትና ማታ አንድ አንድ ሚሊ ሊትር ሲሆን፣ የተለመደው ጠርሙስ 60 ሚሊ ሊትር ይይዛል። ስለዚህ አንድ ጠርሙስ ለአንድ ወር ነው፤ የዓመቱ ፍጆታም 730 ሚሊ ሊትር ስለሚሆን 12 ጠርሙስ ጨርሶ 13ኛውን ያስከፍታል። ዋጋው ከሱቅ ሱቅ፣ ከሳምንት ሳምንት ስለሚለያይ ለስሌት ያህል ብቻ ጠርሙሱን 1,500 ብር እንበለው፤ የ12ቱ ዋጋ 18,000 ብር ይሆናል። ውጤቱ መታየት የሚጀምረው በአብዛኛው ወደ አራተኛው ወር ገደማ ነው። እንግዲህ ስድስት ወር ቀብቶ ለአራት ወር ያቋረጠ ሰው 9,000 ብር አውጥቶ መነሻው ላይ ቆሟል ማለት ነው፤ እንደገና ሲጀምርም በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት አሮጌው ፀጉር ለአዲሱ ቦታ ሲለቅ የሚመጣውን መርገፍ ዳግመኛ እያየ፣ ወራት ያለ ውጤት ይከፍላል። ብር ሲያጥረው በቀን አንድ ጊዜ ብቻ እየቀባ ጠርሙሱን ለሁለት ወር የሚያዳርስ ብዙ ሰው አለ፤ ይህም ቀስ ብሎ ከማቋረጥ የሚለይ አይመስለኝም። ከመጀመሪያው ቢያንስ የዓመቱን ወጪ የማይችል ሰው ባይጀምረው ይሻለዋል።

ከዋጋው በላይ የሚያናድደው ግን ማስመሰያው ነው። ሐሰተኛ ጠርሙስ የገዛ ሰው ሳያውቀው መድኃኒቱን አቋርጧል፤ ጠዋት ማታ እየቀባ፣ እየከፈለ፣ ፀጉሩ ይረግፋል። አንድ ባልንጀራዬ በቴሌግራም አዝዞ ያስመጣው ጠርሙስ ክዳኑ ሲከፈት የሽቶ ዘይት ሸተተ፤ በእጅ መዳፍ ላይ ሲፈስ እንደ ምግብ ዘይት አብለጭልጮ ቀረ እንጂ አልደረቀም። እውነተኛው ፈሳሽ ዘይት የለበትም። አልኮል፣ ውኃና ፕሮፒሊን ግላይኮል ስላለው መጀመሪያ አልኮል አልኮል ይሸታል፣ ቶሎ ይተናል፣ ከዚያም ጣትን ትንሽ የሚያጣብቅ ነገር ይተዋል፤ ጥቂት ሰንብቶ የጠርሙሱ አፍ ዙሪያ ነጭ ብናኝ ከጋገረም መድኃኒቱ ራሱ ደርቆ ነውና አያስደንግጥ። የባች ቁጥሩና የአገልግሎት ማብቂያው ቀን በካርቶኑና በጠርሙሱ ላይ አንድ ዓይነት መሆን አለበት፤ ካርቶኑ ላይ ተጽፎ ጠርሙሱ ላይ ከሌለ ይመልሱት። መለኪያ ጠብታው የሌለበትንም እንዲሁ። «10 በመቶ»፣ «15 በመቶ» እየተባለ ከመደበኛው በላይ በሚያስከፍል ጠርሙስ ከሆነ ጨርሶ አይታለሉ፤ የአሜሪካው ተቆጣጣሪ ለሚቀባው ሚኖክሲዲል የፈቀደው ከፍተኛ መጠን 5 በመቶ ነው። እንዲሁም በሚኖክሲዲል ጠርሙስ ላይ የሚታየው ኪርክላንድ የሚለው ስም፣ ኮስትኮ የተባለው የአሜሪካ የመደብር ድርጅት የራሱ ምርት ስም ሲሆን፣ ኮስትኮ በአፍሪካ ምድር ቅርንጫፍ ስለሌለው፣ አዲስ አበባ ውስጥ የሚሸጥ እያንዳንዱ የኪርክላንድ ጠርሙስ በሰው ሻንጣ ወይም በነጋዴ እጅ ዞሮ የመጣ ነው። አሜሪካ ያለ ዘመድ ደረሰኙን ጨምሮ የሚልከው ስድስት ጠርሙስ፣ «ወንድሜ፣ ኦርጂናል ነው» ከሚል ሻጭ ቃል ይታመናል።

ፊናስተራይድ በሌላ መንገድ የሚሠራ መድኃኒት ነው። እ.ኤ.አ. በ1992 በ5 ሚሊ ግራም ለፕሮስቴት ዕጢ ማበጥ፣ በ1997 ደግሞ በ1 ሚሊ ግራም ለወንዶች ራሰ በራነት በአሜሪካ ተፈቀደ። ቴስቶስትሮን የሚባለው የወንድ ሆርሞን ወደ ዲኤችቲ እንዳይለወጥ ለዋጩን ኢንዛይም ስለሚይዝ፣ በደም ውስጥ ያለውን ዲኤችቲ ወደ 70 በመቶ ገደማ ይቀንሳል። ሲያቋርጡት ዲኤችቲው በሁለት ሳምንት አካባቢ ወደ ቀድሞው መጠን ይመለሳል፤ ፀጉሩ ግን በዚያ ፍጥነት አይወርድም። የመድኃኒቱ መግለጫ የተገኘው ውጤት የሚቀለበሰው በ12 ወር ውስጥ መሆኑን ይገልጻል። መጨረሻው ከሚኖክሲዲል ጋር አንድ ነው፣ አልዋሽም፤ ልዩነቱ ጊዜው ላይ ነው። ከኢንዛይሙ ጋር ተጣብቆ ስለሚቆይ፣ ክኒኑ ከፋርማሲ ጠፍቶ ወይም መንገድ ላይ ተረስቶ ጥቂት ቀናት ቢያልፍ ፀጉሩ ላይ የሚያደርሰው ነገር የለም። መድኃኒት አንድ ሳምንት ኖሮ ሌላ ሳምንት በሚጠፋበት አገር ለሚኖር ሰው ይህ ትልቅ ነገር ነው።

በገንዘብም ቢሆን ክኒኑ ይበልጣል። ለፕሮስቴት የሚታዘዘውን ባለ 5 ሚሊ ግራም ክኒን በሐኪም ምክር ለአራት ከፍሎ በቀን አንድ ሩብ መውሰድ በብዙ አገር የተለመደ ሲሆን፣ ለዓመት የሚያስፈልገው 92 ፍሬ ብቻ ነው። ለስሌት ያህል አንዱን ፍሬ 20 ብር ብንለው ዓመቱ 1,840 ብር ይሆናል፤ ፍሬው 50 ብር እንኳ ቢገባ 4,600 ብር ነውና ከላይ ካሰብነው የጠርሙስ ወጪ ሩብ ገደማ ነው። ሩቦቹ እኩል አልወጡልኝም ብሎ መጨነቅ አያስፈልግም፤ ከ1 ሚሊ ግራም ያነሰ መጠንም ዲኤችቲውን ከሞላ ጎደል ያንኑ ያህል ስለሚቀንስ የጥቂት ብናኝ መበላለጥ ለውጥ አያመጣም። ምላጭ ክኒኑን ያፈራርሰዋል፤ የክኒን መቁረጫው ትንሽ ሣጥን ይሻላል። ብርቱው ጥንቃቄ ሌላ ነው፦ የተቆረጠውን ወይም የተፈረከሰውን ክኒን ነፍሰ ጡር ሴት በእጇ መንካት የለባትም፤ የወንድ ጽንስን የብልት አፈጣጠር ሊያዛባ ይችላል። ሚስት ላረገዘችበት ቤት ያልተቆረጠውን ባለ 1 ሚሊ ግራም መግዛት ወጪው ቢበዛም ይገባዋል።

ምርጫዬ ቢሆንም ነውሩን አልሸፍንለትም። ለፈቃድ በቀረቡት ጥናቶች ከወሰዱት ወንዶች 3.8 በመቶ፣ ባዶ ክኒን ከወሰዱት ደግሞ 2.1 በመቶ የሚሆኑት ከወሲብ ጋር የተያያዘ ችግር አሳይተዋል። በአብዛኛው ሲቋረጥ የሚጠፋ ቢሆንም፣ ካቆሙ በኋላም የቀጠለባቸው ሰዎች በመኖራቸው እ.ኤ.አ. በ2012 በአሜሪካ ይኸው በመግለጫው ላይ እንዲጻፍ ተደርጓል። የአውሮፓ የመድኃኒት ኤጀንሲም በ2025 ራስን የማጥፋት ሐሳብ የፊናስተራይድ ክኒን የጎንዮሽ ጉዳት መሆኑን አረጋግጧል። በመሆኑም የድብርት ታሪክ ያለበት ሰው ለሐኪሙ ሳይናገር አይጀምረው፤ ጀምሮ ስሜቱ የተለወጠበትም ስለ ፀጉሩ ሳያስብ አቁሞ ወዲያው ሐኪም ይይ። በዕድሜ የገፉ አባቶች ደግሞ ፒኤስኤ የሚባለውን የፕሮስቴት ምርመራ ሲያደርጉ ክኒኑን እንደሚወስዱ ይንገሩ፤ ቁጥሩን በግማሽ ያህል ስለሚያወርደው አደገኛ ነገር ሊሸሸግ ይችላል። ይህ ሁሉ የሚያሰጋው ሰው ሚኖክሲዲልን ቢመርጥ አልከራከረውም። ቤቱ ውስጥ ድመት ካለ ግን ሚኖክሲዲሉ ለድመት መርዝ ነውና እጁን ይታጠብ፣ ትራሱንም ይሸፍን።

እኅቶቼ ለሚጠይቁት መልሱ አጭር ነው፤ ፊናስተራይድ ለእነሱ አልተፈቀደም፣ ያለው ሚኖክሲዲል ነው። የወንዶችና የሴቶች ተብሎ በተለያየ ካርቶን የሚሸጠው ባለ 5 በመቶ ፎም (አረፋ ሆኖ የሚወጣው ሚኖክሲዲል) መጠኑ አንድ ነው፤ ሴቶች በቀን አንድ ጊዜ ስለሚቀቡት 60 ግራሙ ሁለት ወር ይሄዳል፤ ስለዚህ በግራም ስንት እንደሆነ አስልተው የረከሰውን ይውሰዱ፣ አቀባቡን ግን በሴቶች መመሪያ ያድርጉ። ከወሊድ በኋላ የሚመጣው መርገፍ በራሱ ጊዜ የሚቆም ስለሆነ ምንም አይግዙለት፤ የሚያጠባ እናት ደግሞ ጭራሽ አትጀምረው። በጠባብ ሹሩባ ምክንያት ግንባር ላይ የሸሸ ፀጉርም ሹሩባው ካልላላ በጠርሙስ አይመለስም። እንደ ሳንቲም እየከበበ የሚነሳ ላሽ ከሆነ ሌላ በሽታ ነውና ከሱቅ በፊት የቆዳ ሐኪም ዘንድ፣ ለምሳሌ አለርት፣ ይሂዱ። የሽንኩርትና የጥቁር አዝሙድ ቅባቱን ሲያቋርጡ ምን እንደሚሆን ለሚጠይቁኝ ደግሞ ምንም አይሆንም እላለሁ፤ በዘር ለሚመጣው መሳሳት ሲቀቡትም የሆነ ነገር የለምና።

ሚኖክሲዲልንና ፊናስተራይድን አንድ ላይ የሚወስድና ከወጪው አንዱን መቀነስ የፈለገ ሰው በአንድ ጊዜ ሁለቱንም አይጣል። ክኒኑን ቢያንስ አንድ ዓመት ከወሰደ በኋላ ቅባቱን ቢተው፣ ቅባቱ ያበቀለው ድርሻ ይረግፋል፣ ክኒኑ የያዘው ግን ይቀራል። ዱታስተራይድ ወደሚባለው ጠንካራው ወንድሙ ለመዝለል የሚቸኩሉም አሉ፤ ከሰውነት ለመውጣት ወራት ስለሚፈጅ የጎንዮሽ ጉዳት ቢያመጣ አቁሞ ቶሎ መገላገል አይቻልም፣ እኔም አልመክረውም።

ኢስታንቡል ሄዶ ፀጉር ማስተከል ከሁለቱም ይገላግላል የሚለው ወሬ ግማሹ ብቻ ነው ልክ። ከማጅራት ተነቅሎ የሚተከለው ፀጉር ዲኤችቲን የሚቋቋም በመሆኑ ክኒን ቢቋረጥም ይቆያል፤ ከኋላው ያለው የቀድሞው ፀጉር ግን መሳሳቱን ይቀጥላል፣ ከዓመታት በኋላም ግንባሩ ላይ የተተከለው መስመር ብቻውን፣ ከጀርባው ባዶ ቆዳ ይዞ ሊቀር ይችላል። ስለዚህ ዋጋ ሲጠይቁ ከተከላው በኋላ ምን ክኒን ለስንት ዓመት እንደሚያዝዙ አብረው ይጠይቁ፣ የክኒኑንም ዋጋ በተከላው ላይ ይደምሩ።