ከባንክ ደብዳቤ እስከ ሆስፒታል አልጋ፦ የሶፊ ኪንሴላ የመጀመሪያና የመጨረሻ መጽሐፍ

ሶፊ ኪንሴላ በሚል የብዕር ስም የምትታወቀው እንግሊዛዊት ደራሲ ማድሊን ዊክሃም 56ኛ የልደት ቀኗ ሊደርስ ሁለት ቀን ሲቀረው ዲሴምበር 10 ቀን 2025 ዐረፈች (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ቀልድ አዘል የፍቅር ልብ ወለዶቿ ከ45 ሚሊዮን ቅጂ በላይ የተሸጡላት ቢሆንም፣ ሥራዎቿ ብዙውን ጊዜ ጊዜ ማሳለፊያ ተብለው የሚታለፉ ናቸው። እኔ ግን በዚህ ፍርድ አልስማማም። ስሟን ያስጠራውን በ2000 የታተመውን መጽሐፍና በሕይወት እያለች በ2024 ያሳተመችውን የመጨረሻ ሥራዋን አከታትሎ ያነበበ ሰው፣ ያ ሁሉ ቀልድ ስለ አንድ ከባድ ጉዳይ፣ ይኸውም ሰው የማይፈልገውን እውነት እንዴት እንደሚሸሸው፣ የተጻፈ መሆኑን ይረዳል ብዬ አምናለሁ።

ደራሲዋ በ1969 በለንደን ተወለደች። ኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ የገባችው ሙዚቃ ልታጠና ቢሆንም ብዙ ሳትቆይ ወደ ፖለቲካ፣ ፍልስፍናና ኢኮኖሚክስ ትምህርት ተዛወረች፤ ከተመረቀች በኋላም ስለ ጡረታና ስለ ቁጠባ የምትጽፍ የፋይናንስ ጋዜጠኛ ሆነች። ይህን የሥራ ዘመኗን አንባቢ ልብ እንዲለው እፈልጋለሁ፣ ምክንያቱም በኋላ ያገኘችው ዝና ሁሉ መነሻው ከዚያው አሰልቺ ከሚመስል ቢሮ ነው። የመጀመሪያ ልብ ወለዷ «ዘ ቴኒስ ፓርቲ» በ1995 በእውነተኛ ስሟ ታተመ፤ በዚሁ ስም በድምሩ ሰባት መጻሕፍት አሳትማለች። እነዚህ ሰባቱ በርካታ ገጸ ባህርያትን ከራቅ ብለው የሚታዘቡ፣ ጨዋና ቁጥብ ሥራዎች ናቸው። በእነዚህ መካከል ግን በአንደኛ መደብ የሚተረክ፣ ለፍላፊና አሳሳቂ የሆነ ረቂቅ ጻፈችና የራሷን መካከለኛ ስም ከእናቷ የቤተሰብ ስም ጋር አጣምራ ለዚያው ለራሷ አሳታሚ ድርጅት ማንነቷን ሳትገልጽ ላከችለት። አሳታሚውም የማንን ሥራ እንደያዘ ሳያውቅ ተቀበለው። ሁለቱ ደራስያን አንድ ሰው መሆናቸው በይፋ የተገለጠው በ2003 ነው።

ያ ረቂቅ «ዘ ሲክሬት ድሪምወርልድ ኦቭ ኤ ሾፓሆሊክ» (የአንዲት የገበያ ሱሰኛ ምስጢራዊ የሕልም ዓለም) ነው። ዋናዋ ገጸ ባህርይ ሬቤካ ብሉምውድ፣ በአጭሩ ቤኪ፣ «ሰክሰስፉል ሴቪንግ» በተባለ መጽሔት ላይ ሰዎች ገንዘባቸውን እንዴት እንደሚቆጥቡ እየጻፈች ደመወዝ የምትበላ፣ የራሷን የክሬዲት ካርድ ሒሳብ ግን ፖስታውን ከፍታ ለማየት የማትደፍር የለንደን ወጣት ናት። መጽሐፉ የሚከፈተው በባንክ ደብዳቤ ነው። ባንኩ በመጀመሪያ ወጣቷ ተመራቂ ከሒሳቧ በላይ ወጪ ማድረግ እንድትችል በትሕትና ይጋብዛታል፤ ቀጥሎ ያስታውሳታል፤ ቀጥሎ ያስጠነቅቃታል። እርሷም በምላሹ እግሬ ተሰበረ፣ ታመምኩ፣ ውሻዬ ሞተብኝ እያለች ቀጠሮውን ታራዝማለች። የኪንሴላን ብልኀት ማየት የሚፈልግ አንባቢ እነዚህን ደብዳቤዎች ብቻ ለይቶ ቢያነብ ይበቃዋል። የባንኩ ኃላፊ ዴሪክ ስሚዝ አንድም ጊዜ ከመሥሪያ ቤት ቋንቋ ሳይወጣ፣ ለተሰበረው እግር ምሕረትን እየተመኘ፣ በዚያው ዐረፍተ ነገር ስለ ዕዳው ይጠይቃል። ሳቁ የሚመጣው ከዚህ የጨዋነት ቋንቋ ነው እንጂ ከቀልድ ቃላት አይደለም።

የሻርፑ ታሪክም እንዲሁ ነው። ቤኪ ዋጋው ከ340 ወደ 120 ፓውንድ የወረደ ሻርፕ በመስታወት ታይና እንዲያቆዩላት ታደርጋለች፤ ካርዷን ግን ቢሮ ረስታዋለች፣ በእጇ ያለውም ገንዘብ 20 ፓውንድ ይጎድለዋል። ስለዚህ ለሥራ በሄደችበት ጋዜጣዊ መግለጫ ላይ፣ ገንዘቡ ለታመመች አክስቷ ስጦታ መግዣ እንደሆነ ዋሽታ ትለምናለች። ሃያውን ፓውንድ የሚያበድራት ሉክ ብራንደን የተባለው ሀብታም የሕዝብ ግንኙነት ባለሙያ ነው፤ የፍቅሩ ታሪክም ከዚህ ይጀምራል። በእነዚህ ገጾች ውስጥ ሻርፑን ከመግዛቷ በፊት ለራሷ የምትሰጠው ምክንያት፣ ማለትም ቅናሽ ስለሆነ እንዲያውም ገንዘብ እየቆጠበች መሆኗ፣ የማንኛችንንም የገበያ ውሎ ሳያስታውስ አይቀርም።

መጽሐፉን ከተራ ቀልድ ከፍ የሚያደርገው ግን ወደ መጨረሻው የሚመጣው የጎረቤቶቿ ጉዳይ ነው። ቤኪ አዋቂ መስላ ለመታየት በዘፈቀደ የሰጠችውን ምክር አምነው ገንዘባቸውን ከአንድ የኢንሹራንስና ቁጠባ ድርጅት ያዛወሩት ባልና ሚስት፣ ሊደርሳቸው የነበረውን ከፍ ያለ ጉርሻ ያጣሉ። ድርጅቱ ደንበኞቹን እንዴት እንደጎዳ መርምራ ስትጽፍ አንባቢ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያየው ሥራዋን የምታውቅ ሴት ነው። ይህን ክፍል ሊጽፍ የሚችለው የጡረታ ፈንድ ሰነድ እያነበበ የኖረ ሰው ብቻ ነው።

ጉድለቶቹም ግልጽ ናቸው። ሉክ ብራንደን መልከ መልካምነቱና ሀብቱ ካልሆነ በቀር ብዙም አይታወቅም፤ ቤኪን ለምን እንደወደዳት አሳማኝ ምክንያት አላገኘሁም። የቤኪን ታሪክ የሚቀጥለው ተከታታይም እስከ 2019 ድረስ ዘጠኝ ልብ ወለዶች ደርሷል፤ ጋብቻውም፣ ልጁም፣ ሆሊውዱም ተጨምሮበት ያው ዕዳና ያው ውሸት ስለሚደጋገም፣ ከሦስተኛው መጽሐፍ በኋላ ያለውን ለመግዛት አልመክርም። በ2009 የወጣው ፊልም ደግሞ ታሪኩን ከለንደን ወደ ኒው ዮርክ ወስዶ ያን ጨዋ የባንክ ሰው ዴሪክ ስሚዝን አሳዳጅ ዕዳ ሰብሳቢ አድርጎታል። አይላ ፊሸር ቤኪን ሆና መልካም ብትጫወትም፣ የመጽሐፉ ዋና ጣዕም በዚህ ለውጥ ጠፍቷል።

አሁን መጀመሪያ ላይ ወዳነሣሁት ወደ መጨረሻ ሥራዋ እንምጣ። ደራሲዋ በ2022 መጨረሻ ግሊዮብላስቶማ የተባለ ኃይለኛ የአንጎል ካንሰር እንዳለባት ታወቀ፤ ይህንንም ለአንባቢዎቿ የገለጸችው በኤፕሪል 2024 ነው። በዚያው ዓመት ኦክቶበር «ዋት ደዝ ኢት ፊል ላይክ?» የተሰኘው አጭር ልብ ወለድ ታተመ። ኢቭ የተባለች የአምስት ልጆች እናትና ስመ ጥር ደራሲ ሆስፒታል አልጋ ላይ ስትነቃ እንዴት እዚያ እንደደረሰች አታስታውስም። ትልቅ ዕጢ ከአንጎሏ በቀዶ ሕክምና ወጥቶላታል፤ መራመድንም፣ መጻፍንም እንደ አዲስ መማር አለባት። ኪንሴላ ራሷ የኢቭ ታሪክ የእርሷ ታሪክ መሆኑን በመግቢያው ላይ አልሸሸገችም።

ምዕራፎቹ አጫጭር፣ አንዳንዶቹም ከአንድ ገጽ ብዙም የማያልፉ ናቸው። ከሁሉም በላይ የያዘኝ ባሏ ኒክ የበሽታዋን ምንነት የሚነግራት ክፍል ነው። የማስታወስ ችሎታዋ ስለተጎዳ የሰማችውን ትረሳለች፤ እርሱም ያንኑ መርዶ ደግሞ ደጋግሞ መናገር ይኖርበታል፣ እርሷም እያንዳንዱን ጊዜ እንደ አዲስ ትሰማዋለች። ቤኪ ደብዳቤውን ሳትከፍት መሳቢያ ውስጥ ልትከተው ትችል ነበር፤ ኢቭ ግን የምትሸሽበት መሳቢያ የላትም፣ መርሳቷም አያሳርፋትም። የንግግሩ አቀራረጽ፣ ቶሎ ቶሎ የሚለው ምልልስ፣ ራሷ ላይ የምትቀልደው ተራኪ፣ ሁሉም ከሃያ አራት ዓመት በፊት ከነበረው አልተለወጠም፤ ሳቁ ግን አሁን የሚያገለግለው ሌላ ጉዳይ ነው። ለቅሶ ለማስገደድ የተጻፈ አንድም ገጽ አላገኘሁበትም። የሚጎድለው ስፋት ነው፤ ከኢቭና ከኒክ በቀር ያሉት ሰዎች በበቂ ሁኔታ አይታዩም፣ አንዳንድ ትዕይንትም ሲጀምር ያልቃል። እንዲህ ባለ ሁኔታ ከተጻፈ ሥራ ከዚህ በላይ መጠየቅ ግን ተገቢ አይመስለኝም።

በእንግሊዝኛ ማንበብ ለሚለማመዱ አንባቢዎች ሁለቱም ይመቻሉ። ዐረፍተ ነገሮቹ አጫጭር ናቸው፣ ቃላቱም የዕለት ተዕለት ናቸው፤ በመጀመሪያው መጽሐፍ ውስጥ ብቻ የሱቅ ስሞችና የባንክ አሠራሮች ስለሚበዙ ለንደንን ለማያውቅ ሰው መጀመሪያ አካባቢ ግር ሊሉት ይችላሉ። የመጨረሻውን መጽሐፍ አስቀድሞ ማንበብን አልመክርም፣ ምክንያቱም የቤኪን ድምፅ ያልሰማ ሰው ኢቭ ምን እንደተረፋትና ምን እንዳጣች ሙሉ በሙሉ አይረዳም። ሦስተኛ መጽሐፍ ለሚፈልግ በ2005 የታተመውን «ዚ አንዶሜስቲክ ጎደስ» እጠቁማለሁ፤ አንዲት የለንደን ጠበቃ ከባድ የሥራ ስሕተት ፈጽሜአለሁ ብላ ወደ ገጠር ስትሸሽ በስሕተት የቤት ሠራተኛ ሆና የምትቀጠርበት ታሪክ ሲሆን፣ የፍቅሩ ክፍል ከሾፓሆሊክ ይልቅ በሚገባ ተሠርቶበታል።