ለገና ስኳር ድንች የገዛሁት የሸክላ ምጣድ

ለገና ከዶሮ ወጡ ጎን የሚቀርብ የተጋገረ ስኳር ድንች ለማዘጋጀት አስቤ፣ ባሕር ዳር ውስጥ ከአንዲት ሸክላ ሠሪ እናት የገዛሁትን ጎድጓዳ ምጣድ ከነአክንባሎው ሦስት ጊዜ ከተጠቀምሁበት በኋላ ይህን አስተያየት እጽፋለሁ።

ምጣዱ ወፍራም በመሆኑ ቀስ ብሎ ይሞቃል። ይህ ለስኳር ድንች ትልቅ ጥቅም ነው፤ በውስጡ ያለው ስታርች ወደ ስኳርነት በብዛት የሚለወጠው ሙቀቱ ከ60 እስከ 75 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ በሚቆይበት ጊዜ ስለሆነ፣ በኃይለኛ እሳት ተቻኩሎ የበሰለው ጣፋጭነቱ ያንሳል። እኔ ከነልጣጩ አጥቤ፣ በኮባ ቅጠል ጠቅልዬ፣ እንደ ድፎ ዳቦ ከላይም ከታችም መጠነኛ ፍም አድርጌ አንድ ሰዓት ከሩብ ያህል አቆየሁት፤ ስከፍተው ከልጣጩ ሥር ማር የመሰለ ወለላ ወጥቶ ነበር። ከዚያ ልጬ በንጥር ቅቤና በተፈጨ ኮረሪማ አሸሁት። አሜሪካውያን በኖቬምበር አራተኛ ሐሙስ ለሚያከብሩት የምስጋና ቀን ስኳር ድንችን ብዙ ጊዜ በቡናማ ስኳር ይጋግሩታል፤ በዚህ ምጣድ የበሰለው ግን ምንም ስኳር አላስፈለገውም።

ጉድለቱ አክንባሎው ላይ ነው። አፉ በሚገባ ስለማይገጥም እንፋሎት ያመልጣል፤ በመጀመሪያው ቀን የዳሩ ድንች የደረቀብኝም በዚሁ ምክንያት ነበር። ኋላ ግን ዙሪያውን በሊጥ ስደፍነው ችግሩ ተወገደ። ሻጯ እንደመከሩኝ በጎመን ዘር በደንብ ስላሟሸሁት እስካሁን አልተሰነጠቀም፣ አልያዘብኝምም። በነቢያት ጾም ለሚሠራው ሰው በቅቤው ፋንታ ጥቂት የኑግ ዘይት ይበቃል።